የወንድሜ አሥራ አንድ ካሴቶች

ታናሽ ወንድሜ በያጅ ነበር። ጀልባ በሚጠገንበት ግቢ ሳምንቱን ሙሉ ብረት ሲበይድ ይሰነብትና፣ እሑድ ሲሆን ያለ ኦክስጅን፣ በአንድ ትንፋሽ ብቻ ባሕር ይጠልቃል። ሰፈርተኛው «ዓሣው» ይለዋል፤ እናታችን ደግሞ «እብዱ»። ለመለማመድ ትንፋሹን ይዞ ነበር የቤታችንን ደረጃ የሚወጣው። ጎረቤት «እንዴት ዋልክ?» ቢለው አይመልስም። ስንቱ አኩርፎታል መሰላችሁ!

እኔ ልብስ ሰፊ ነኝ፤ ትምህርቴም ከአራተኛ ክፍል አላለፈም። የእሱን ገመድ የምጠብቀው ግን እኔ ነበርኩ። ገመዱ ጫፉ ላይ ክብደት ታስሮበት ወደ ታች ይለቀቃል፤ ወንድሜ ገመዱን ይዞ ወርዶ በዚያው ይመለሳል። የገመድ ጠባቂ ሕጓ አንድ ነው፦ ዓይኗ ከገመዱ አይነቀልም። በኋላ አሮጌ የቪዲዮ ካሜራ ገዝቶ አስጨበጠኝ።

«ውሃ ስገባ እንዴት እንደምገለበጥ ልየው፣ እታለም። አንቺ ዝም ብለሽ ወደምታዪበት አዙሪው።»

ባሕሩ ካስቀረው ሠላሳ አንድ ዓመት ሆነ። ባለፈው ወር ስለ ጠላቂዎች ዘጋቢ ፊልም የምትሠራ ሴት ቤቴ መጥታ ካሴቶቹን ጠየቀችኝ። አሥራ አንድ ናቸው። ማጫወቻው ከተበላሸ ወዲህ አላየኋቸውም። አብረን ካየናቸው እሺ አልኳት። ፎቶውስ አለኝ፤ ፎቶ ግን ዝም ያለ ነው። ያ ፊት ሲንቀሳቀስ አንዴ ማየት ነበር ምኞቴ።

መሣሪያዋን የስፌት ጠረጴዛዬ ላይ ዘረጋች። የመጀመሪያው ካሴት ገመድ ነው። ሁለተኛውም ገመድ። አልፎ አልፎ ጀርባው፣ ተረከዙ። ሲወጣ ውሃው ይበተናል፤ ወዲያው ስዕሉ ተገልብጦ ሰማይ፣ የጀልባ ወለል፣ የኔ ነጠላ ጫማ።

«እማማ፣ ልክ ሲወጣ ካሜራውን ለምን ይጥሉታል?»

«በምን እጄ ልያዘው፣ ልጄ? ራሱን ስቶ መልሶ እንዳይሰምጥ ብብቱን መያዝ አለብኝ እኮ!»

ድምፁ ብቻ ይሰማል። «ደህና ነኝ እታለም፣ ልቀቂኝ! ቦጨቅሽኝ እኮ!» ይላል። ሳቄ አመለጠኝ፤ ከዚያ አፌን በመዳፌ ያዝኩ።

አሥሩም እንዲህ አለቁ። አሥራ አንደኛውን ስታነሳ ላዩ ላይ የተጻፈውን፣ እሱ የቀረበትን ቀን አይታ እጇ ቆመ።

«ይሄኛውን ባያዩት ይሻላል።»

«የትኛው እንደሆነ አውቃለሁ። ክፈቺው።»

ጠዋት ነው። የጀልባው ጠርዝ ላይ ተቀምጦ የመዋኛ መነጽሩን በምራቁ ያሻል። ቀና አለ። ወደ እኔ። ፊቱ ሙሉውን፣ ከነፍንጭቱ፣ ፀሐይ ከላጠው አፍንጫው ጋር። ለካ ልጅ ነበር! እኔ እያረጀሁ ስሄድ እሱንም አብሬ ሳስረጀው ኖሬያለሁ።

«ምን ታፈጥጪብኛለሽ? ገመዱን እዪ እንጂ!» አለኝ እየሳቀ።

ስዕሉ ወደ ገመዱ ዞረ። ያዞርኩት እኔው ነኝ።

«አቁሚው» አልኳት። ከዚያ ወዲያ ያለው ካሴቱ እስኪያልቅ ገመድ ነው። የዚያን ቀን ካሜራውን የሚያስጥለኝ ነገር አልመጣም።

ፊልም ሠሪዋ ዓይኗን ጠራረገች። «እማማ፣ ለፊልሙ የጎደለኝ ይሄ ፊት ነበር» አለች ቀስ ብላ።

«ገመዱን ሁሉ ውሰጂ። ድምፁንም ውሰጂ። ይቺን ግን ሳልጠግባት ለሰው አላሳይም።»

«መቼ ይጠግቡ ይሆን?»

«እኔ ምን አውቄ። እስቲ ወደ ኋላ መልሺልኝ።»

መለሰችልኝ።