የአዝግም ሥር የነቀልንበት ቀን

በመጀመሪያው የሥራ ቀኔ የተሰጠኝ ትእዛዝ ጣቴን እንዳልልስ ነበር። አሥራ ሁለተኛ ክፍል ጨርሼ ሥራ ሳፈላልግ ጎረቤታችን መካኒሳ አቦ ወዳለው የአዝግም መጭመቂያ ቤት ወሰደችኝ። ባለቤቱ ጋሽ ወርቁ ከላይ እስከ ታች አዩኝና፣ «ቅጠሉን ስታጥቢ እጅሽ ይረጥባል። ቀሚስሽ ላይ ጥረጊው። አፍሽ ጋ እንዳይደርስ» አሉኝ።

አዝግም ወንዝ ዳር የሚበቅል፣ ቅጠሉ ወፍራም የሆነ ቁጥቋጦ ነው። የጭማቂውን አንድ ጠብታ የቀመሰ ሰው፣ ሌላው ሰው አንድ ሰዓት እስኪያልፈው ድረስ እሱ ሙሉ ቀን ይሠራል። ዙሪያው ያለው ሁሉ ያዘግምበታል። ደንበኞቻችን የበዓል ልብስ የተከመረባቸው ልብስ ሰፊዎች፣ ፈተና የደረሰባቸው ተማሪዎች፣ ልጃቸውን የሚሸኙ እናቶች ነበሩ። ብቻውን የቀመሰ ሰው ከማንም ጋር መነጋገር ስለማይችል፣ ሁለት ሰው ከአንድ ማንኪያ ይቀምሳል። ቀኑ ደግሞ በነጻ አይገኝም፤ ከቀማሹ ዕድሜ ይሄዳል። ጋሽ ወርቁ ይህን ሳይናገሩ ለማንም አይሸጡም ነበር።

ቤቱ ሦስት ማዕረግ ነበረው። አጣቢ ቅጠሉን አጥባ ጥላ ሥር ሰሌን ላይ ታጠወልገዋለች። ጨማቂ በሙቀጫ ወቅጣ በሻሽ ታጠልለዋለች። ለኪ ደግሞ ጭማቂውን በቀጭን የመስታወት ቱቦ ስባ ጠብታው ከቱቦው አፍ ላይ ሲንጠለጠል ታያለች። ጥሩ ጭማቂ ቶሎ አይወርድም። ምን ያህል እንደሚቆይ የምትፈርደው በዓይኗ ነው። ስለዚህ ለኪ አትቀምስም። የቀመሰ ዓይን ያንን ፍርድ ያጣል፤ መልሶም አያገኘውም።

እኔ ብዙ ዓመት አጥቤ፣ ብዙ ዓመት ጨምቄ ለኪ ሆንኩ። ሰፈሩ «ለኪዋ» ይለኝ ነበር። ደስ ይለኝ ነበር።

ቅጠሉ የሚመጣው ለቡ፣ ከአዴ ጫልቱ ማሳ ነበር። አባቷም አያቷም እዚያው ያረሱ ናቸው። አጣቢ ሳለሁ በመኸር ወቅት እየሄድኩ እለቅምላት ነበር። ቀስ ስል፣ «የከተማ ልጅ፣ ቅጠሉን ነው የምትለቅሚው ወይስ ጸጉሩን ነው የምታበጥሪው?» ትለኛለች።

በኋላ በማሳዋ መንገድ እንደሚያልፍ ተነገራት። ምትክ ቦታ ሀና ማርያም ተሰጣት። አዝግም ከዘር አይበቅልም፤ ከሥር ብቻ ነው። ሥሩም ከነአፈሩ ካልወጣ ይሞታል። እሷ ዝናብ መጥቶ አፈሩ እስኪለሰልስ ትጠብቅ ነበር። ዶዘሩ ግን ከዝናቡ ቀደመ።

በዓቢይ ጾም አንድ ጠዋት እያለከለከች መጣች።

«ወርቁ፣ ማሽኑ ደጄ ቆሟል። ከምሳ በፊት ይገባል። ጠብታና አንድ ሰው ስጠኝ።»

«ከጨማቂዎቹ የፈለግሽውን ውሰጂ» አሏት።

«እነሱ ሥር ሲነቀል የት ያውቃሉ? በጥሰው ይጨርሱልኛል። ይችን ስጠኝ።» ወደ እኔ አመለከተች።

ጋሽ ወርቁ ቱቦውንም እኔንም ተራ በተራ አዩ። ሥሩ ከጠፋ ቤቱም ይዘጋል። እኔ ከሄድኩ ለኪ የላቸውም።

«እኔ አላዝሽም» አሉኝ በመጨረሻ። «ከቀመስሽ ወደ ቱቦው እንደማትመለሺ ታውቂያለሽ።»

«አውቃለሁ ጋሼ።» ነጠላዬን አነሳሁ።

በታክሲ እስከ ለቡ መብራት ኃይል ሄደን ቀሪውን በእግራችን አቀናን። የዶዘሩ ሾፌር ማሳው ጫፍ ላይ ተቀምጦ ሻይ ይጠጣል። ከአንድ ማንኪያ ቀመስን። መጀመሪያ ድምፅ ወፈረ፣ ከዚያ ጠፋ። ከባሕር ዛፉ የተነሳች ቁራ ክንፏን ቀስ እያለች ስታነሳ አየሁ።

አዴ ጫልቱ በአካፋ ዙሪያውን ትቆፍራለች። እኔ ሥሩን ከነአፈሩ አቅፌ በረጠበ ጆንያ እጠቀልላለሁ። አንድ መደዳ ጨርሰን ቀና ስንል ሰውየው ሻዩን አልጨረሰም። «ይሄ ሰውዬ ሲጠጣ እንዴት ይዘገያል!» ብላ ሳቀች።

ከዚያ ራበኝ። ጾሜን የምፈታው በዘጠኝ ሰዓት ነው። ፀሐይዋ ግን ከባሕር ዛፎቹ ጫፍ ከፍ አላለችም። አዴ ጫልቱ ከመቀነቷ ቆሎ አውጥታ ዘረጋችልኝ።

«ገና ነው» አልኳት።

«ምኑ ነው ገና?»

«ሰዓቱ። ጠዋት ነው እኮ።»

«ጠዋት የሆነው ለዚያ ለሻይ ጠጪው ነው። አንቺ ይኸው ቀኑን ሙሉ ስትሠሪ ውለሻል።»

አልበላሁም። ሌላ መደዳ ነቀልን። ከዚያ አንድ ሥር አቅፌ ልነሳ ስል ተመልሼ ቁጭ አልኩ። ሥሩ ከእጄ ወድቆ አፈሩ ተበተነ። አዴ ጫልቱ ሥሩን እንኳ አላየችም። አገጬን ይዛ ቆሎውን አፌ ውስጥ ጨመረች።

«ፀሐይ እጠብቃለሁ ካልሽ እኔ ሥር ልሸከም ወይስ አንቺን? ብዪ! ለእግዜር እኔ እነግረዋለሁ።»

በላሁ። ውኃም ጠጣሁ። የቀሩትን መደዳዎች አብረን ጨረስን። የመጨረሻውን ጆንያ ከአጥሩ ውጭ ስናኖር ድምፅ ተመለሰ። ሾፌሩ ባዶውን ማሳ አይቶ፣ «እናንተ ሴትዮዎች፣ ምን በላችሁ?» አለን።

«ቆሎ» አለችው አዴ ጫልቱ።

በማግስቱ ጋሽ ወርቁ ቱቦውን ሰጡኝ። ጠብታው ወረደ ብዬ ነገርኳቸው። ገና ተንጠልጥሎ ነበር። ቱቦውን ከእጄ ወሰዱ። እኔም ወደ ማጠቢያው ሄድኩ። አልከፋኝም አልልም። ጡረታ እስክወጣ እዚያው አጠብኩ።

ስለ ጾሙ የንስሐ አባቴን ጠየቅኳቸው። የሠራሁትን ሁሉ አስቆጠሩኝና፣ «ታዲያ እስከ ማታ ጾመሽ የለም እንዴ?» አሉኝ።

ሥሮቹ ሀና ማርያም ያዙ። ዛሬም ቅጠሉ የሚለቀመው ከዚያ ነው። አዲስ ገቢዎች ምን እንደምመክራቸው ሲጠይቁኝ የምለው አንድ ነው። ከቀመሳችሁ በኋላ ሰዓቱን ከፀሐይ አትጠይቁ። ሲርባችሁ ብሉ፤ ሲደክማችሁ ተቀመጡ።