ለሌዘር ያሳደግሁት ጢም

«አትንቀይው» አለችኝ ሐኪሟ። አዲስ አበባ፣ የቆዳ ክሊኒክ ውስጥ፣ መብራቱን ፊቴ ላይ አድርጋ አገጬን በጓንት ጣቷ ወዲህ ወዲያ እያዞረች። «በወረንጦ አይሆንም፣ በክር አይሆንም፣ በሰም አይሆንም። የሌዘሩ ጨረር የፀጉሩን ጥቁረት ተከትሎ ነው ሥሩ ድረስ የሚወርደው። ከነሥሩ መዝዘሽ ካወጣሽው ምን ተከትሎ ይወርዳል? አንድ ወር ከምናምን ይደግ። ከዚያ ልትመጪ ስትይ ዋዜማውን በምላጭ ተላጭተሽው ነይ፤ ላዩ ይሄዳል፣ ሥሩ ከውስጥ ይቀራል።»

እኔ ከልጅነቴ ጀምሮ ስነቅል የኖርኩ ሰው ነኝ። ጠዋት ሰው ሳይነሳ፣ መስኮቱ ሥር መስተዋትና ወረንጦ ይዤ እቀመጣለሁ። የነቀልኩበት ይቆስላል፣ የቆሰለው ይጠቁራል፤ የጠቆረውን ለማጥፋት ነቀምቴ ሱቅ ውስጥ የሚሸጠውን ፊት የሚያቀላ ቅባት እቀባለሁ፤ ቅባቱ ደግሞ ቆዳዬን አሳስቶት ፀሐይ በነካኝ ቁጥር ያቃጥለኛል። ሐኪሟ ይህንንም አየች። ቅባቱን ጣይው፣ የፀሐይ መከላከያ ሳትቀቢ ከቤት እንዳትወጪ አለችኝ። ፀሐይ የመታው ቆዳ ላይ ጨረር ካረፈ ቃጠሎና ጠባሳ ይተርፈኛል፤ በተለይ እንደኔ ለጠየመ ሰው።

የምፈልገው አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ ሰውን ፊት ለፊት ማየት። ሥራዬ የመሥሪያ ቤት መስኮት ላይ ነው፤ ባለጉዳይ ሲመጣ የማናግረው እጄን አገጬ ላይ አድርጌ ነው። አንዱ ሽማግሌ «ጥርስሽን ያምሻል እንዴ ልጄ?» ብለው ዳማከሴ እንድይዝ መክረውኛል። ይህ እጅ ከአገጬ እንዲወርድልኝ ነበር ያን ሁሉ መንገድ የሄድኩት።

«አሳድጊው» ማለት ለሷ ቀላል ነው። እሷ ያለችበት ከተማ ሰው ለሰው አይተያይም። እኔ የምኖረው ነቀምቴ፣ ጨለለቂ ሰፈር ነው። እዚህ አገጬ ላይ አንዲት ፀጉር ብቅ ብትል ከኔ በፊት ጎረቤት ያውቃል። ለእናቴ ሁሉንም ነገርኳት፤ አለመንቀሉንም፣ ምላጩንም። አለመንቀሉን ዝም ብላ ሰማች። ምላጭ ስላት ግን አማተበች።

«በሴት ልጅ ፊት ምላጭ? እኔ ልሙት! ምላጭ የነካው እኮ እንደ ጎረምሳ ጢም ነው የሚያጎፈጉፍ!»

«አያጎፈጉፍም፤ ምላጭ ሥሩን አይነካውም።»

«እሺ፣ አንቺ ካልሽ» አለች። እሺታዋ ግን የእንቢታ ያህል ነበር።

ቢሮ ማስክ አጠለቅሁ፤ ጉንፋን ነው አልኩ፤ ሰውም ተወኝ። እንዲህ ሆኜ ልወጣው ነው ብዬ ስጽናና አጎቴ ሞተ። የእናቴ ወንድም ነው። ከኪራሙ ተፈናቅሎ ከመጣ ጀምሮ ከኛው ጋር ነበር የሚኖረው፤ ማሳውን ትቶ መጥቶ ግቢያችን ውስጥ ያለችውን ቁራጭ መሬት ሲኮተኩት ይውል ነበር። ከቤተ ዘመዱ ሁሉ ስለ አገጬ አንድም ቀን ትንፍሽ ያላለ ሰው እሱ ብቻ ነው። ሲያናግረኝ ዓይን ዓይኔን ነበር የሚያየው። እጄ እንኳ እሱ ፊት ራሱን ይረሳና ይወርድ ነበር።

ቀብሩ እኩለ ቀን ላይ፣ በጠራራ ፀሐይ ነበር። የሐኪሟ ትእዛዝ ትዝ አለኝና መከላከያውን ተቀባሁ። ቅባቱ እንባ ሲነካው ነጭ ሆኖ ፊቴ ላይ ተዘረጋ። አክስቴ፣ የእናቴ ታናሽ፣ መቃብሩ አፋፍ ላይ በክርኗ ጎሸም አደረገችኝ።

«ዛሬም? በአጎትሽ ቀብር ተቀባብተሽ ትመጫለሽ? ሰው ምን ይላል!»

ምን ብዬ ላስረዳት? ቆዳዬን ለጨረር እያዘጋጀሁ ነው ልበላት? ሬሳ ሲወርድ? ጥርሴን ነክሼ ዝም አልኩ። ያኔ ዝም ባልል ኖሮ የኋላው ሁሉ ባልመጣ እላለሁ አንዳንዴ። ግን ሰው በቀብር ላይ ስለ ቅባት ይከራከራል?

ለቅሶ ቤት ማስክ ማድረግ አይቻልም። ሰው ጉንጭሽን ስሞ፣ አንገትሽን አቅፎ ነው የሚያለቅስ። እናም ድንኳን ውስጥ፣ ነጠላዬን አዘቅዝቄ፣ ባዶ ፊቴን ይዤ ተቀመጥኩ። ፀጉሩ ያድጋል። የመጣው ሁሉ ያያል። እኔ ደግሞ መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ እያልኩ አሽሙሩን እጠብቃለሁ።

አሽሙር አልመጣም። ምርቃት መጣ! የመሃል ከተማው አንድ ነጋዴ፣ የጉራጌ አገር ሰው፣ አጎቴን የሚያውቅ፣ ትክ ብሎ አየኝና ራሱን ነቀነቀ፤ «ራሷን ጣለች ምስኪን» አለ። ጎረቤታችን ያሉት ኦሮሞ እናት፣ አዴ እያልን የምንጠራቸው፣ አገጬን በመዳፋቸው ይዘው «ዋቀዮ ሲ ሃ ጀጀቤሱ፣ ኢንታላ ኮ» አሉኝ፤ እግዜር ያጽናሽ ልጄ ማለታቸው ነው፤ እንባቸውም ወረደ። የአጎቴ ልጅ እንደ ደንቡ ጢሙን ለሐዘን ለቆት ነበርና፣ አንዷ ከእድር ሴቶች እኔንና እሱን እያፈራረቀች አይታ «እሷማ እንደ ወንድ ልጅ ሐዘኗን ያዘች» ብላ አመሰገነችኝ። አመሰገነችኝ እኮ ነው የምላችሁ!

ደሜ ፈላ። ሐዘኔ ልቤ ውስጥ ነበር፤ እነሱ አገጬ ላይ አገኙት። የአጎቴን ባዶ መደብ ባየሁ ቁጥር የሚቆርጠኝን ነገር ያየ የለም። ቤተ ዘመዱ ሁሉ ያሾፈበት ፀጉር ያን ሰሞን ድንገት ምግባር ሆነ። ነገሩን አላስተባበልኩም። ምን ዋጋ አለው፣ ያድግ እንጂ አልኩ፤ እግዜር ሳይደግስ አይጣላም፣ መደበቂያ ሰጠኝ ብዬም ለራሴ አሾፍኩ። ቀጠሮዬ ከአርባው በኋላ ነበር። አርባው ይውጣ፣ ማታውን እላጫለሁ፣ በነጋታው መንገዱ ክፍት ከሆነ አውቶቡስ እሳፈራለሁ። ሐሳቤ ይህ ነበር። ያልጠረጠረ ተመነጠረ ይባል የለ?

የአርባው ዕለት ከቤተ ክርስቲያን ተመልሰን፣ እህል ቀምሰን፣ ወንዶቹ ወጡ። ሴቶቹ ቀሩ። አክስቴ በሩን ገርበብ አደረገችና «በሉ እንግዲህ፣ ይህችን ልጅ ጥቁር ልብሷን እናስወልቃት» አለች። እናቴ ታላቅ ናትና ዓመት ትጠብቅ፤ እኔ ግን ወጣት ነኝ፣ ይበቃኛል ተባለ። ሞቅ ያለ ውሃ መጣ። ቅቤ መጣ። ቀጥሎ አክስቴ ከቦርሳዋ ነጭ የስፌት ክር አወጣች።

አክስቴ በክሯ የታወቀች ናት። በሰፈሩ ያገባች ሙሽራ ሁሉ ፊቷን ያስነሳችው በእሷ እጅ ነው። አንዱን ጫፍ በጥርሷ ትይዛለች፣ ሌላውን በጣቶቿ ታጠላልፋለች፤ ክሩ ቆዳ ላይ ተፍ ተፍ ሲል ፀጉሩን ከነሥሩ ይዞት ይወጣል። አለ አይደል፣ ሐኪሟ በስም ጠርታ የከለከለችው!

«አይሆንም!» ብዬ ተነሳሁ። «ጭንቅላቴን እጠቡኝ፣ ቅቤውንም ቀቡኝ፣ አገጬን ግን ተዉልኝ!»

እዚህ ላይ ደንባችንን መናገር አለብኝ። ሐዘንተኛ ከሐዘኗ ስትወጣ እንቢ ማለት አለባት። ሴቶቹ ይለምናሉ፣ እሷ ትገፋለች፤ ይይዟታል፣ ታለቅሳለች። ዝም ብላ እሺ ያለች እንደሆነ ቀድሞም አላዘነችም ይባላል። እንቢታ የደንቡ ግማሽ ነው። ስለዚህ እኔ «ተዉኝ!» ብዬ በጮኽኩ ቁጥር እነሱ «አይ አንጀት! አይ ፍቅር!» ይሉ ጀመር። ስገፋቸው እያለቀሱ ያዙኝ። «ቀጠሮ አለኝ፣ ሐኪም ከልክሎኛል!» አልኩ። «ሐዘን ያናግራታል» አለች አንዷ። አዴ ትከሻዬን እያሻሹ «ገኤ፣ ገኤ ኢንታላ ኮ» አሉኝ፤ በቃ፣ በቃሽ ልጄ ማለት ነው። በዚህ አገር ሴት ልጅ እውነቷን እንቢ ስትል በምን ቋንቋ ነው የምትለው? እስካሁን አላገኘሁትም።

ያኔ ወደ እናቴ ዞርኩ። እሷ ታውቃለች። ሁሉንም ነግሬያታለሁ።

«እማዬ፣ ንገሪያቸው!»

እናቴ ሴቶቹን አየች። ቀጥላ እኔን አየች። ከንፈሯ ሊላቀቅ ሲል አየሁት። ከዚያ ተነሳች፣ መጣች፣ ራሴን በሁለት መዳፎቿ ግጥም አድርጋ ያዘችና «አይዞሽ ልጄ፣ ይበቃል» አለች። አክስቴ ክሯን በጥርሷ ነከሰች።

ሲጨርሱ እልል አሉ። አገጬ እንደ ቲማቲም ቀልቶ መስተዋት ሰጡኝ፤ አምሮብሻል አሉኝ። አንዲት ፀጉር የለችም። ሳምንታት ሙሉ ያንን ሁሉ ዓይን የቻልኩለት ነገር የአክስቴ ክር ላይ ተጠቅልሎ መሬት ተጣለ።

በነጋታው እንዲሁ ሄድኩ። ለምን እንደሄድኩ አላውቅም፤ ምናልባት አንዳንድ ሥር ቀርቶ ይሆናል ብዬ። ሐኪሟ መብራቷን አበራች፣ አየች፣ አጠፋች።

«ማን ነቀለው?»

«የሚወዱኝ ሰዎች።»

ሳቀች። «በቃ እንደገና ይደግ፤ ቀላል ነው» አለች። ቀላል ነው! ያን ረጅም መንገድ ወደ ነቀምቴ ስመለስ ይህች ቃል ጆሮዬ ውስጥ ስትጮኽ ነበር።

ቤት ስገባ እሳት ጎርሼ ነበር። «ለምን አልነገርሻቸውም?» አልኳት እናቴን፣ ቦርሳዬን ሳላወርድ።

«ምን ልበላቸው? ልጄ ለማሽን ጢም ታሳድጋለች ልበል? እነሱ እኮ የሐዘን ነው ብለው አክብረውሽ ነበር።»

«እኔ ያንን ክብር መቼ ጠየቅሁ? እጄን ከአገጬ ማውረድ ነው የጠየቅሁት! ይህን ታውቂያለሽ። አንቺ ብቻ ነሽ የምታውቂው!»

አለቀሰች። እኔም አለቀስኩ፤ ይቅርታ ግን አልጠየቅኋትም። እንደገና ማሳደግ ጀመርኩ። አገጬ መጥቆር ሲጀምር አንድ ጠዋት እናቴ ያንን የወለቀ ጥቁር ልብሴን አጥባ፣ አጣጥፋ፣ አልጋዬ ላይ አስቀመጠችልኝ። «እስክትሄጂ ድረስ ልበሺው» አለች፣ ዓይኔን ሳታይ። «ዓመቱ እስኪወጣ አላወልቅም ብላለች እላለሁ። ሰው አይጠይቅም።»

ወንድሟን ነው የምታውሰኝ። በሕይወቱ አገጬን አይቶ የማያውቀውን ሰው፣ የአገጬ መሸፈኛ ልታደርግልኝ! ልብሱን አንስቼ ሳጥን ውስጥ ከተትኩት። ነጭ ነጠላዬን ለበስኩና «ገበያ እንሂድ» አልኳት።

ገበያው ጢም ብሎ ነበር። ጎመን የምትሸጥ፣ ለቅሶ የደረሰችን ሴትዮ ጋ ስንደርስ፣ ሴትዮዋ እጇ ጎመኑ ላይ እንዳለ አገጬን አየች፤ ነጩን ነጠላዬን አየች፤ ግራ ገባት።

«አማስ ኤኙቱ ኢሲን ጀላ ዱኤ?» አለችን ደንግጣ። አሁን ደግሞ ማን ሞተባችሁ ማለቷ ነው። ዙሪያዋ ያሉት ሻጮች ሁሉ ቀና አሉ።

እናቴ ቶሎ ብላ «አይ፣ ያው የወንድሜ…» ማለት ጀመረች።

«ነምኒ ዱኤ ሂንጂሩ» አልኩ ድምፄን ከፍ አድርጌ። የሞተ ሰው የለም። «ሪፌንሱመ ኮ። የራሴ ፀጉር ነው። ሐኪም ዘንድ እስክሄድ ነው የማሳድገው፤ ዋዜማውን ደግሞ በምላጭ እላጨዋለሁ።»

ሴትዮዋ አፏን በመዳፏ ያዘች። እናቴ ነጠላዋን እስከ አፍንጫዋ ሳበች፤ እኔ የኔን ትከሻዬ ላይ ጣልኩና ጎመኑን በሁለት እጄ መምረጥ ጀመርኩ።