የእናቴ ድምፅ አልባ ፊልሞች

እዚህ አሜሪካ ቅዳሜ ቅዳሜ ስለምሠራ፣ የስድስት ዓመት ልጄን ከምንኖርበት ከሲልቨር ስፕሪንግ አሌክሳንድሪያ ያለው እናቴ ቤት አደርሳታለሁ። ሁለቱ የያዙትን ጨዋታ የደረስኩበት አንድ ቀን ቀደም ብዬ ስመለስ ነው። ቲቪው ላይ ከዴንማርክ ተረት የተሠራ፣ መቶ ዓመት ያለፈው ድምፅ አልባ ፊልም ተከፍቷል። በየመሀሉ የእንግሊዝኛ ጽሑፍ ብቅ ይላል። እናቴ እንግሊዝኛ አታነብም፤ ስለዚህ ከራሷ እየፈጠረች ትተርካለች። ለእኔ በአማርኛ አንዲት ቃል የማትመልሰው ልጄ፣ ለእሷ "ከዚያስ?" ትላታለች።

ደስ ሊለኝ ሲገባ ቀናሁ። መጀመሪያ በእናቴ የቀናሁ መስሎኝ ነበር፤ የቀናሁት ግን በገዛ ልጄ ነው። እኔ ልጅ ሳለሁ እናቴ አንድም ተረት አልነገረችኝም። በአምስት ዓመቴ ማንበብ በመቻሌ ትኮራለች፤ እንግዳ በመጣ ቁጥር ጋዜጣ ታስነብበኛለች። ተረት ስጠይቃት ግን "አንቺ ማንበብ ትችያለሽ" ብላ ወደ ሥራዋ ትሮጣለች።

ፊልሙ ላይ አንዲት ደሃ ልጅ በረዶ ላይ ወድቃለች። "ደክሟት እንቅልፍ ወሰዳት" አለች እናቴ። "አሁን አክስቷ ከዚሁ ከእኛው ከዊተን በአውቶቡስ መጥታ ትወስዳታለች።"

ልጄ ሳቀች። ጽሑፉ ብቅ ሲል አላስቻለኝም።

"እማዬ፣ እንደዚያ አይልም። ሞታለች ነው የሚለው።"

ልጄ ወደ አያቷ ዞራ "ኢዝ ሺ ዴድ?" አለች፤ እንባዋ መጣ። እናቴ አልተቆጣችኝም። ልጄን እቅፍ አድርጋ "እናትሽ ቸኩላ ነው ያነበበችው። አክስትየው ትራፊክ ይዟት ነው" አለቻት። ቤታችን እስክንደርስ ልጄ አላናገረችኝም፤ እኔም እልኸኛ ነኝና አልለመንኳትም።

በሚቀጥለው ቅዳሜ ከሥራ ፈቃድ ጠይቄ ከልጄ ጋር እናቴ ቤት ገባሁ። አሁንም የዴንማርክ ተረት ነው፤ አንዲት ልዕልት መስኮት ላይ ቆማ እጇን ታወዛውዛለች። ልጄ ፊቷን አጠቆረችብኝ።

"ማሚ፣ ኖ ሪዲንግ።"

"መነጽሬን መኪና ውስጥ ረሳሁት" አልኳት። መነጽሬ ቦርሳዬ ውስጥ ነበር። ጽሑፉ ብቅ አለ። "እማዬ፣ ምን ይላል?"

እናቴ ትኩር ብላ አየችኝ፤ ቦርሳዬንም አየችው። ከዚያ በወዲያኛው ጎኗ ያለውን ትራስ አንስታ ቦታ ለቀቀችልኝ።

"ልዕልቷ እናቷን እየጠራች ነው" አለች። "እናትየው ሥራ በዝቶባት ዘገየች እንጂ መምጣቷ አልቀረም።"

"ከዚያስ?" አልኳት።