ወግታ የምትሸሸው ደጊቱ

ቆሰበር ውስጥ ደጊቱ አዝመራውን የማያውቅ ሰው የለም። ምን እንደምትሠራ ግን ጠይቅ እስኪ። አንዱ "ሰይፍ ትጫወታለች" ይልሃል። ሌላው "ምን ሰይፍ አለ፣ ያችን ሽቦ ነገር ይዛ ሰው ትጠቀጥቃለች እንጅ" ይላል። ያንን ፊት የሚሸፍን የወንፊት ጭንብሏንና ነጭ ልብሷን ያዩ የገበያ ሴቶችማ ጨርሰው ማር ቆራጭ አድርገዋታል። "ደጊቱየ፣ ቀፎው ዘንድሮ እንዴት ነው?" ይሏታል። እሷም ማስረዳቱ ስለሰለቻት "ደህና ነው፣ ማሩ ገና ነው" ብላ ታልፋለች።

ስፖርቱ ፌንሲንግ ይባላል። ሁለት ሰዎች እንደ ኮሪደር በጠበበ ሜዳ ላይ ፊት ለፊት ይቆሙና ጫፉ በደነዘ ቀጭን ሰይፍ ይፈላለጋሉ። ቀድሞ የነካ ነጥብ ያገኛል። ማን እንደነካ የሚናገረው መብራት ነው። ከተጫዋቹ ጀርባ ገመድ ይቀጠላል፣ ገመዱ ከማሽን ጋር ይያያዛል፣ ስትነካ መብራቱ ቦግ ይላል። ቆሰበር ላይ ደግሞ መብራት እንደ ሩቅ ዘመድ ነው፤ ደስ ሲለው ብቅ ይላል። በጠፋ ቀን ልምምዱ ሁሉ "ነካሁሽ!" "አልነካሽኝም!" "በእመቤቴ ነክቸሻለሁ!" ሆኖ ያልቃል። አሰልጣኙ ይሄነውም እንደ ሽማግሌ መሀል ገብቶ ሲያስምል ይውላል።

ይሄነው ከአዲስ አበባ የመጣ የስፖርት መምህር ነው። ቀጭን፣ ረጅም፣ ሲናገር እጁን እንደ ትራፊክ ፖሊስ የሚያወናጭፍ። ደጊቱን ያገኛት ሱሪ ሊያሳጥር ሄዶ ነው። እሷ ያኔም አሁንም ኢልሀም ጨርቅ ሱቅ በር ላይ በስፌት መኪና ነው የምትሠራው። ሱሪውን እየለካች ሳለ መቀሱ ከጠረጴዛው ተንሸራተተ። መሬት ሳይደርስ በግራ እጇ ቀለበችው። ይሄነው ሱሪውን ረሳው።

"ግራኝ ነሽ እንዴ?"

"እማየ ልታስተወኝ ብዙ ደክማለች" አለች ደጊቱ አፍራ።

"እንኳን አልተሳካላት! ግራኝ በኛ ቤት ወርቅ ነው፣ ወርቅ!"

ኢልሀም ከጨርቅ ጥቅሎቹ መሀል አንገቷን አወጣች። "መምህር፣ ልጅቱን ሊመርቋት ነው ወይስ ሊመለምሏት? ሱሪውን ብቻ ይተዉልን፣ ሌላውን እኛ እንነግርዎታለን።"

እንግዲህ እንዲህ ተጀመረ። ደጊቱ ፈጣን ነበረች። አገር ውስጥ ውድድር ላይ አንድ ነጥብ ስትሰጥ ሁለት ትወስዳለች፣ እንደምንም እያለች ትወጣለች። ቡድን ሲመረጥ ስሟ አይቀርም። እናም ወደ ውጭ መሄድ መጣ። አልጀርስ ሄደች፤ ያገኛት ሁሉ አሸነፋት። አክራ ሄደች፤ አክራም እንደዚያው። አንድ ሰው እንኳ፣ ለምልክት የምትሆን አንድ ሰው እንኳ ሳታሸንፍ ትመለሳለች።

ስትመለስ ደግሞ መናኸሪያው ላይ የባጃጁ ኢስሃቅ አለላት። ኢስሃቅ አፉ እንደ ባጃጁ ነው፣ ፍሬን የለውም። "ሻምፒዮናችን መጣች! ዋንጫውን የት ልጫንልሽ፣ ከኋላ ነው ከላይ?"

"ከአፍህ ውስጥ ጫነው፣ ሰፊ ነው" ትለዋለች። ቤቷ ገብታ ግን ጫማዋን ሳታወልቅ አልጋው ጠርዝ ላይ ቁጭ ትላለች። የምትፈልገው ዋንጫ አይደለም፣ ሜዳሊያም አይደለም። ከአንዲት የውጭ አገር ሴት ጋር ጨርሳ ዳኛው እጁን ወደሷ እንዲያነሳ ብቻ ነው የምትፈልገው። አንዴ። ከዚያ ኢስሃቅ የፈለገውን ይለፍልፍ።

ችግሯን ይሄነው አይቶታል፤ ግን አልገባውም። ደጊቱ ጥሩ አድርጋ ትወጋለች። መብራቱ ቦግ ይላል። ዳኛው ሁለቱን ወደ መስመራቸው መልሶ "አሌ!" ሲል፣ ጀምሩ ማለቱ ነው፣ ባላጋራዋ ወደፊት ትመጣለች። ደጊቱ ምን ታደርጋለች? ጀርባዋን ሰጥታ ትሮጣለች! ጀርባ መስጠት ደግሞ በጨዋታው ክልክል ነው። መጀመሪያ ቢጫ ካርድ፣ ቀጥሎ ቀይ። ቀይ ማለት ለዚያችኛዋ የነጻ ነጥብ ነው።

"ፈሪ ናት ማለት ነው" ይላል ይሄነው ለኢልሀም። "ግን እንዴት ነው ፈሪ ሰው እንደዚህ አድርጎ የሚወጋ? ወግታ ትሸሻለች! እንደ ንብ!"

"ንብማ ወግታ ትሞታለች" አለችው ኢልሀም። "እርስዎ ደግሞ የከተማ ሰው ነዎት፣ ምን ያውቃሉ።"

መልሱ የተገኘው በጥር ነው፣ በፈረሰኞች በዓል። እንጅባራ፣ ያው ቆሰበር ማለት ነው፣ በፈረስ ሲሞላ ይሄነውም ጥላ ይዞ ሜዳው ዳር ቆመ። የደጊቱ አባት አቶ አዝመራው በዳማ ፈረሳቸው ላይ ናቸው። ጉግስ ሲጫወቱ ለማየት ሰው ተገፋፍቶ ይቆማል። ፊት ያለው ፈረሰኛ ጋሻውን ጀርባው ላይ አድርጎ ይሸሻል፣ የኋላው እያባረረ ዘንጉን ይወረውራል። አቶ አዝመራው አባርረው ወረወሩ፤ አገኙትም። ሰው ጮኸ። ከዚያ ፈረሳቸውን አዙረው፣ ጋሻቸውን ወደ ኋላ መልሰው፣ እሳቸው ሸሹ።

ይሄነው አጠገቡ የቆመችውን ደጊቱን ጎነተላት። "ቆይ፣ ቆይ። አባትሽ አሁን አሸንፈው አልነበረም? ምን አስሸሻቸው?"

"ተራቸው ነዋ።"

"የምን ተራ?"

"አባረረ፣ ወረወረ፤ አሁን ደግሞ ይባረራላ! ሁልጊዜ ማባረር አለ እንዴ? ነውር አይደል?"

ይሄነው ጥላውን አጠፈው። ቀስ ብሎ ነው ያጠፈው። "ደጊቱ" አለ፣ "አንች ነጥብ ባስገባሽ ቁጥር የምትሮጭው…"

ደጊቱ እግሯን ቁልቁል አየች። ለራሷም የገባት ያኔ ነው። አባቷ ወንድ ልጅ የላቸውም። ከልጅነቷ ጀምሮ ከቤቱ ጓሮ ባለው መስክ ፈረስ ላይ አውጥተው "ወረወርሽ? እንግዲያው ተራ ስጭ!" እያሉ ነው ያሳደጓት። እግሯ ሳይጠይቃት ተራ ይሰጣል።

ይሄነው ለአቶ አዝመራው ሊያስረዳ ሮጠ። እሳቸው ከፈረስ እየወረዱ ነበር፤ ጉልበታቸው ስላመማቸው ሁለት ሰው ደግፏቸዋል። እጁን እያወናጨፈ ነገራቸው፦ ልጅዎ ነጥብ አግብታ ተራ ትሰጣለች፣ በዚህ ምክንያት አፍሪካ ሁሉ እየመታት ነው።

አቶ አዝመራው ፊታቸው በራ። "ተራ ትሰጣለች? እዚያ ባሕር ማዶ ሄዳም?"

"አዎ፣ ችግሩ እሱ ነው እኮ!"

"ችግር ትለዋለህ አንተ? ጨዋ አድርጌ አሳድጌያታለሁ ማለት ነው!"

ማታ እቤት ሲደርሱ ግን ሌላ ነገር መጣ። ጉልበታቸውን በሙቅ ውሃ እየዘፈዘፉ ደጊቱን ጠሯት። "ልጀ፣ እኔ ከእንግዲህ ዳማው ላይ አልወጣም። ለሚመጣው ጥር በኔ ቦታ የሚወጣ ሰው ያስፈልጋል። አንች ነሽ እሱ።"

"አባየ፣ የጥርና የውጭ አገሩ ውድድር ዝግጅት አንድ ላይ ነው የሚመጣው። ሁለቱን አልችልም።"

"እሱን ነው የምልሽ። በሚመጣው ውድድር አንድ ሰው አሸንፊና ዳማውን ለወንድሜ ልጅ ለወገኔ እሰጠዋለሁ፣ ሁለተኛ አልጠይቅሽም። ካላሸነፍሽ ብረቱን ለመምህሩ መልሺና ልጓሙን ያዥ።"

ወገኔ! ወገኔ ፈረስ ላይ ሲቀመጥ የድንች ጆንያ ነው የሚመስለው። አቶ አዝመራው ይህንን ያውቃሉ፣ ደጊቱም ታውቃለች። አባቷ የቤታቸውን የፈረሰኛ ስም እያስያዙ እንደሆነ ገባት።

ከዚያ ወዲያ ልምምድ ሆነ። ደጊቱ ነጥብ ባገባች ቁጥር ይሄነው አዳራሹ እስኪያስተጋባ "ተራ የለም!" ብሎ ይጮሃል። ጩኸቱ ወደ ውጭ ወጣ፤ ኢስሃቅ ጆሮ ደረሰ። ኢስሃቅ ጆሮ ከደረሰ ደግሞ በቃ። እንጀራ ይዛ ስታልፍ "ተራ የለም!"፣ ቤተ ክርስቲያን ስትሄድ "ተራ የለም!"። ከአዘና ለገበያ የመጣ ገበሬ ሳይቀር ምን እንደሆነ ሳያውቅ "ተራ የለም ልጀ" ብሏት አልፏል።

ውድድሩ ካይሮ ሆነ። በመጀመሪያው ዙር ሁሉም ከምድቡ ሰው ጋር አንድ በአንድ ይገጥማል፤ ቀድሞ አምስት ነጥብ ያገባ ያሸንፋል። ደጊቱ ያገኘቻቸው በየተራ አሸነፏት። የመጨረሻዋ የሞሮኮ ልጅ ነበረች፣ ቅንድቧ የተጋጠመ፣ ስትራመድ ወለሉን የምትረግጥ ሳይሆን የምትቀጣ የምትመስል።

ከመጀመሩ በፊት ስልኳ ጠራ። ኢልሀም ናት። "ሱቁ ሞልቷል! አባትሽ ወንበር ላይ ናቸው፣ ኢስሃቅ መሬት ላይ ነው። አንድ ሜትር ጨርቅ የገዛ ግን የለም፣ አላህ ይይላችሁ! በስልክ እያየንሽ ነው፣ ኔትወርኩ ግን ይቆራረጣል፣ ቶሎ ቶሎ ተጫወች!"

ደጊቱ ጭንብሏን አጠለቀች፣ ገመዱ ከጀርባዋ ተቀጠለ። "አሌ!"

የመጀመሪያውን ነጥብ ወሰደች። እና ምን ብትሠራ ጥሩ ነው? ዞረች። ቢጫ። ይሄነው ከዳር ሆኖ "ተራ የለም!" ሲል ዳኛው በዓይኑ ገረፈው። ሞሮኮዋ አገባች፤ ደጊቱ አገባች፤ ሞሮኮዋ። እንዲህ ሲጓተት ሦስት ለሦስት ሆነ። ደጊቱ አራተኛውን የሞሮኮዋ ክንድ ላይ አሳረፈች። አንድ ብቻ ቀራት። አንዲት ነጥብ!

"አሌ!"

ቀኝ እግሯ ዞረ፣ ትከሻዋም ተከተለው። ቀይ። አራት ለአራት። ይሄነው ፎጣውን አናቱ ላይ ጣል አድርጎ ወለሉ ላይ ተቀመጠ።

አሁን የመጨረሻው ነው። ደጊቱ መስመሯ ላይ ቆማ ጀርባዋ በላት። በአባቷ ሕግ ከሆነ ዕዳ አለባት፦ ወግታለች፣ ገና አልተባረረችም። ያች ልጅ ተራዋን አላገኘችም። ቀይ ካርድ ማባረር አይባልም። እግሯ ይህን ሁሉ ያውቃል፤ ልሂድ ልሂድ ይላል። ደጊቱ ጥርሷን ነክሳ "ዛሬ ባለጌ ነኝ" አለች በሆዷ።

"አሌ!"

ፈረስ ሊነሳ ሲል ከእግሩ በፊት ትከሻው ዝቅ ይላል። የሞሮኮዋ ትከሻ ዝቅ አለ። ይህን ባየች ቁጥር ነበር እስከ ዛሬ የምትዞረው። አልዞረችም። ግራ እጇን ብቻ ዘረጋች። ልጅቱ እንደ ጎርፍ መጥታ ሰይፉ ጫፍ ላይ ራሷን አሳረፈች።

መብራቱ ቦግ አለ። በደጊቱ በኩል ብቻ።

ዳኛው እጁን ወደሷ አነሳ። ደጊቱ አየችው፣ አመነችው። ከዚያ… ሮጠች። ደስታው ይሁን ዕዳው እንጃ፣ ጀርባዋን ሰጥታ ተፈተለከች። ገመዱን ረስታለች። ገመዱ ግን አልረሳትም፤ ጫፉ ሲደርስ እንደ ታሰረ ወይፈን ወደ ኋላ ጎትቶ በቂጧ ቁጭ አደረጋት። አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። የሞሮኮዋ ልጅ ጭንብሏን አውልቃ ራሷ እየሳቀች አነሳቻት፣ እጇንም ጨበጠቻት።

ቆሰበር ላይ ኔትወርኩ የቆመው የት ላይ መሰለህ? ልክ ደጊቱ በቂጧ ቁጭ ስትል። ሱቁ ሙሉ ሰው አንገቱን አስግጎ ያንን ምስል ብቻ ሲያይ ቆየ። አቶ አዝመራው "ገደሏት እንዴ?" አሉ አሉ። ኢስሃቅ "ኧረ አባ፣ እያረፈች ነው" አላቸው። ኢልሀም ግን ነጥቡን አንብባው ነበርና እልል ስትል መደርደሪያው ላይ የነበረ የከፋይ ጨርቅ ጥቅል ኢስሃቅ ራስ ላይ ወደቀ።

በዚያች አንድ ድል አለፈችና በሚቀጥለው ዙር አንዲት ግብፃዊት ደጊቱን እንደ በርበሬ ወቅጣ አሰናበተቻት። እሱን ማንም አላነሳውም። መናኸሪያው ላይ ኢስሃቅ "አሸናፊያችን፣ መቀመጫሽ ተሻለሽ?" ብሎ እስከ ቤቷ በነጻ አደረሳት። ነጻው ሳይሆን ዝምታው ነው የገረማት፤ መንገዱን ሙሉ አልለፈለፈም።

ግቢው ሲደርሱ ወገኔ ቀድሞ መጥቶ ነበር። አቶ አዝመራው ዳማውን ራሳቸው ጫኑት፣ እርካቡን ራሳቸው አስተካከሉት፣ በጆሮው በአገሩ ቋንቋ በአዊኛ የሆነ ነገር አሉት። ወገኔ በሁለተኛው ሙከራ ወጣ። በሩን ሲያልፍ ጎኑ ተንጋዶ ነበር። አቶ አዝመራው በምርኩዛቸው ቆመው እስኪጠፋ ድረስ አዩት፤ ደጊቱም ከኋላቸው ቆማ ሻንጣዋን አላስቀመጠችም።

"በመጨረሻዋ ላይ ተራ አልሰጠሽም" አሉ ሳይዞሩ።

"አልሰጠሁም፣ አባየ።"

"ያች ልጅ፣ የሞሮኮዋ… ተቀየመች?"

"ኧረ አልተቀየመችም። ከወደቅሁበት አንስታ ጨበጠችኝ።"

አቶ አዝመራው ራሳቸውን ነቀነቁ። "እንግዲያው ይሁን። አሸንፈሻል።" ወደ ቤት መንገድ ጀመሩና በሩ ላይ ቆም አሉ። "እኔ ብሆን ግን እቀየም ነበር።"