ትሩፋት ዞር ያለች ዕለት

ትሩፋትን ያወቅኳት በመጥረጊያዋ ነው። አሰብ ወደብ መጋዘን ውስጥ፣ ከተቀደደ ጆንያ የፈሰሰ ስንዴ ከሚጠርጉት ሴቶች አንዷ ነበረች። ባሏ የከባድ መኪና ሾፌር ነው፤ ከደሴ አምጥቷት ዓመት ሳይሞላ ጭኖ እንደወጣ ቀረ። ሞቷል እንዳንል ናዝሬት ላይ ያዩት ሰዎች አሉ። ቤታችን የሚለየው በአንድ ግድግዳ ስለነበር ለቅሶዋን ሰምቻለሁ። ሲበቃት ፊቷን ታጥባ ሥራ ገባች፤ ከዚያ ወዲያ የሰውየውን ስም ስታነሳ ሰምቼ አላውቅም።

እኔ መርከብ ላይ ቆሜ የሚራገፈውን ጭነት እቆጥር ነበር። የምነግራችሁን ያየሁት በዓይኔ ነው።

በ1975 ዓ.ም. ክረምት ጓድ ብዙነህ የሚባል ካድሬ ተመደበልን። ሴቶቹን ሰብስቦ፣ ወንዱ ክሬን ላይ ሴቷ መጥረጊያ ላይ የቀሩት ያለፈው ሥርዓት ጥሎብን በሄደው ልማድ ነው አለ። እውነቱን ነው። ብቻ ሰውየው እውነት ሲናገር እንኳ ለጭብጨባ የሚናገር ስለሚመስል ያበሽቀኛል። ከእናንተ መሀል የወንድ ሥራ የሚደፍር ማን ነው ሲል፣ ትሩፋት እጇን አውጥታ ምልክት ሰጪ መሆን እፈልጋለሁ አለች።

ምልክት ሰጪ የሚቆመው የመርከቡ ሆድ አፍ ላይ ነው። ክሬን የሚነዳው ንጋቱ ከፍ ብሎ ስለሚቀመጥ መርከቡ ሆድ ውስጥ ያሉት ሰዎች አይታዩትም። አፉ ላይ የቆመው ሰው ቁልቁል እያየ በእጁ አንሣ፣ አውርድ፣ ቁም ይለዋል። ትሩፋት ምሳዋን በበላች ቁጥር ያንን እጅ ስታጠና ከርማለች። ፈተኗት፣ አለፈች።

ጣጣው የመጣው ከሙቀቱ ነው። በአሰብ ክረምት መርከብ ሆድ ውስጥ ልብስ ለብሶ የሚሠራ ሰው የለም። ወንዶቹ ሽርጥ ያገለድማሉ፤ እሱም ሲከብዳቸው በሙታንቲ ይቀራሉ። ዜናውን የሰሙ ዕለት ሥራ አቆሙ። ስብሰባ ተጠራ። አንዳንዱ በብልግና ቀለደ፣ ከጠራጊዎቹ ሴቶች መሀል እንኳ ይህች ደግሞ ወንድ ራቁቱን ልታይ ነው የወጣችው ያሉ ነበሩ። በጨዋነት የተናገረው ዓብዱልፈታሕ ብቻ ነው። የአሰብ ሰው ነው፤ ካወራጆቹ ሁሉ በዕድሜ ትልቁ፣ ሦስት ሴት ልጆች ያሳደገ፣ ሰላቱን የማያስታጉል። ሴት መሥራቷን አልቃወምም፤ እኔን ግን ከላይ ቆማ ገላዬን እንድታይ አልፈቅድም አለ።

ጓድ ብዙነህ ሁለቱንም ወገን ላስደስት ብሎ መላ አመጣ። ትሩፋት ለመርከቡ ሆድ ጀርባዋን ሰጥታ፣ ፊቷን ወደ ክሬኑ አዙራ ትቆማለች። የአውራጆቹ ካቦ ውድነህ ከታች ሆኖ ይጮሃል፤ እሷ የሰማችውን በእጇ ለንጋቱ ታሳልፋለች። ተጨበጨበ። ካድሬው ሴት መርከብ ላይ አወጣ፣ ወንዶቹ ገመናቸውን ሸፈኑ፣ ሁሉም ደስ ብሎት ተበተነ። እያየ እንዲሠራ የተቀጠረን ሰው እንዳታይ ብሎ የሚያቆም ሌላ አገር ካለ ንገሩኝ።

ወደ ቤት ስንመለስ መንገድ ላይ ተቆጣኋት። ሰው ትገድያለሽ፣ እንቢ በይ አልኳት። እንቢ ካልኩ መጥረጊያዬን ይመልሱልኛል፣ ከእኔም በኋላ ሴት አትወጣም አለች። ሰው ቢጎዳስ ስላት ጆሮ አለኝ አለችኝ።

እውነትም ጆሮ ነበራት። ወንዶቹ ሲያወርዱ ያዜማሉ፤ አዝማቻቸው ዓብዱልፈታሕ ነው፣ ቦታውም በግራ በኩል ጥጉ ላይ ነው። ማን የት እንደቆመ በድምፁ ለይታ አወቀች። እኔ ግን ክሬኑ ባወረደ ቁጥር ቆጠራዬ ይጠፋብኝ ነበር።

አንድ ጠዋት ስንዴ የጫነ መርከብ እያራገፍን ነው። ጆንያ የሚታሰርበት ባዶ መረብ ከታች አንድ ብረት ያዘው። ሌላው፣ ጆንያ ሞልቶ የተነሣውና ሚዛኑ ተዛብቶ እንዲመለስ የተባለው መረብ ደግሞ አየር ላይ ተንጠልጥሏል። ውድነህ ከታች ካረፈበት ጥላ ሳይወጣ አውርድ ብሎ ጮኸ። ትሩፋት መዳፏን ወደ ታች አድርጋ አውርድ አለች። መረቡ መውረድ ጀመረ። ያን ጊዜ የዓብዱልፈታሕ ዜማ ከጥጉ ሳይሆን ከመሀል መጣ።

ዞር አለች። ስትዞር አየኋት። ዓብዱልፈታሕ የተያዘውን መረብ ሊያላቅቅ ገብቶ፣ ጀርባውን ለሚወርደው ጭነት ሰጥቶ አጎንብሷል። ትሩፋት ክንዷን ወደ ሰማይ ወርውራ ጡጫዋን ጨበጠች። ንጋቱ አቆመ። ገመዱ ተንገጫገጨ፣ መረቡ ከሰውየው ጀርባ በላይ ተወዛወዘ፣ አንድ ጆንያ አምልጦ አጠገቡ ወድቆ ፈነዳ። ዜማው ተቋረጠ።

ዓብዱልፈታሕ በሙታንቲ ነበር። ቀና ሲል በመጀመሪያ ያየው መረቡን አይደለም፤ የትሩፋትን ዓይን ነው። ሮጦ ሽርጡን አነሣና ታጠቀ። ከዚያ በኋላ ነው ሽቅብ መረቡን አይቶ ምን ሊወርድበት እንደነበር የገባው።

ከሰዓት በኋላ ስብሰባ ተጠራ። ሰው ስላተረፈች ልትመሰገን መስሎኝ ነበር። ለካ ስምምነት አፍርሳለች ተብላ ግለ ሂስ ልታደርግ ኖሯል። አብዝቶ የጮኸው ውድነህ ነበር፤ ሳያይ አውርድ ያለው እሱ ነዋ። ጓድ ብዙነህም ነገሩ እንዲዘጋ ፈልጎ፣ ጥፋትሽን አምነሽ ለጊዜው ወደ ጠረጋው ተመለሺ አላት። ትሩፋት ተነሣች።

«ግለ ሂሴን ላድርግ» አለች። «ከታች ሰው እንዳለ እያወቅኩ፣ ለእንጀራዬ ፈርቼ፣ ከገባሁ ጀምሮ ሳላይ አውርድ ብያለሁ። ይህ ጥፋቴ ነው። ዞር በማለቴ ግን አልጸጸትም። መጥረጊያውን ስጡኝ።»

ካድሬው ይህ ግለ ሂስ አይደለም ሲል ንጋቱ ከኋላ ተነሥቶ፣ ከነገ ጀምሮ ወንድም ይሁን ሴት፣ የማያይ ሰው እጅ አይቼ ጭነት አላወርድም አለ። ሁሉም ወደ ዓብዱልፈታሕ ዞረ። ዓብዱልፈታሕ ግን ቆቡን አድርጎ ወጣ። በጣም ተናደድኩበት። ጓድ ብዙነህ በመጨረሻ ነገሩን በወንዶቹ ላይ ጣለው፦ ነገ ፊቷን ወደ መርከቡ ሆድ አዙራ ትቆማለች፤ እነሱ ከወረዱ ትቀጥላለች፣ ካልወረዱ መጋዘኑ ይጠብቃታል።

በማግስቱ ትሩፋት ቁልቁል እያየች ቆመች። ወንዶቹ መሰላሉ አጠገብ ተኮልኩለው ባሕር ባሕሩን ያያሉ፤ የሚወርድ የለም። ውድነህ ፈገግ ማለት ጀምሯል።

ዓብዱልፈታሕ ዘግይቶ መጣ። ሽርጡን ደርቦ አገልድሞ፣ ከላዩ በሰፊ ቀበቶ ጠብቆ ታጥቋል። አልፏቸው መሰላሉን ይዞ ወረደ። ከታች ደርሶ መሀል ላይ ቆመና አንገቱን ቀና አደረገ።

«ልጄ፣ ታዪኛለሽ?»

«አይዎታለሁ፣ አባቴ።»

«እንግዲያው አውርጂ» አለ፣ ወደ ጥጉ እየሄደ።