የሻምበል ኮት

ነገሩ የሆነው በደርግ ዘመን፣ ናዝሬት ውስጥ ጀማሪ አስተማሪ ሳለሁ ነው። የሚያስቅ ነው እያሉ ወዳጆቼ ደጋግመው ያስወሩኛል። እኔ ራሴ ግን የሚያስቅ ስለመሆኑ እርግጠኛ አይደለሁም። ከአእምሮዬ ያልጠፋውም ለዚህ ይመስለኛል።

የተከራየሁት ክፍል እትዬ አስካለ ከሚባሉ ሴት ግቢ ውስጥ ነበር። ባላቸው የምድር ባቡር ሠራተኛ ነበሩ። ሲሞቱ ሁለት ክፍል ቤትና አንድ ትንሽ ውሻ ትተውላቸዋል። ውሻው የአገር ውሻ አልነበረም፤ ወደ አገሩ የተመለሰ አንድ ፈረንጅ ለባላቸው ሰጥቷቸው የሄደ ነው። እግሩ አጭር፣ ወገቡ ረጅም፣ አንገቱ ከጭንቅላቱ የወፈረ ነበር። ደረቱን ነፍቶ ስለሚራመድ ሟቹ "ሻምበል" ብለው ሰይመውታል።

ስሙ ሲወጣ ንጉሡ ዙፋናቸው ላይ ነበሩ፤ ሻምበል መባልም ማንንም አያስደነግጥም ነበር። አብዮቱ ከመጣ ወዲህ ግን አገሩን የሚያዙት ሻምበሎች ሆኑ። እትዬ አስካለም ውሻቸውን ከደጅ ሲጠሩ ድምፃቸውን ዝቅ ማድረግ ጀመሩ።

አንድ ቀን በቀበሌው ድምፅ ማጉያ ተለፈፈ። የእብድ ውሻ በሽታ ገብቷልና ባለቤት የሌለው ውሻ ሁሉ በመርዝ ይጠፋል፤ ባለቤት ያለው ውሻውን ይሰር፣ ምልክትም ያድርግበት ተባለ።

ሲሰሙት ቀላል ነው። ሻምበል ግን ገመድ በልቶ ይጨርሳል። ቤት ሲዘጋበት ሰፈሩ እስኪሰበሰብ ይጮሃል። የግቢያችን አጥር ደግሞ የአጥር መታሰቢያ እንጂ አጥር አልነበረም። ለምልክት ብለን አንገቱ ላይ ማሰሪያ ብናደርግለት፣ ጭንቅላቱን ዝቅ አድርጎ ወደ ኋላ ሸርተት ሲል ማሰሪያው መሬት ላይ ይቀራል።

እትዬ አስካለ እንቅልፍ አጡ። "የጣሉለትን ሥጋ አሽትቶ የሚያልፍ ውሻ አይደለም" አሉኝ። "እንደ ባሌ ነው፣ የሰጡትን ይበላል።"

በመጨረሻ አንድ ጠዋት፣ "ኮት ይሰፋለት" አሉ።

ሳቅኩ። የናዝሬት ፀሐይ ሰውን እንኳ ሸሚዝ ታስወልቃለች። በዚያ ላይ ያኔ ስለ ከበርቴ ልማድ ብዙ ያነበብኩ ሰው ነበርኩ። ለውሻ ልብስ ማልበስ ከየት የመጣ ነገር እንደሆነ አስረዳቸው ጀመር። ሰምተው ሲጨርሱ፣ "ኮት የለበሰን ውሻ ባለቤት የለውም የሚል ሰው አለ?" አሉኝ።

ለጨርቅ የባላቸውን የሥራ ኮት አውጥተው ሰጡኝ፤ ጥቁር ሰማያዊ፣ ቢጫ የብረት ቁልፍ ያለው። አላለቀሱም። "ልክ ይሁን ብቻ፤ ሰፊ ከሆነ አውልቆት ነው የሚመጣው" አሉ።

ጋሽ ቱፋ አውቶቡስ ተራው አጠገብ በረንዳ ላይ የሚሰፉ፣ ጨዋታ የሚወዱ ሰው ነበሩ። ውሻውን ታቅፌ ደረስኩ።

"አካም ቡልተኒ፣ ጋሽ ቱፋ።"

"ነጋ፣ ነጋ" ብለው የኦሮምኛ ሰላምታዬን መለሱ። "ለማነው የሚሰፋው?"

"ለሻምበል።"

ከመቀመጫቸው ብድግ አሉ። "የቱ ሻምበል? የት አሉ?"

"ይኸው።"

ውሻውን አዩ፣ እኔን አዩና ተቀመጡ። "አንተ ልጅ፣ ልታስጨርሰኝ ነው?"

የውሻ ልክ እንዴት እንደሚወሰድ ሁለታችንም አናውቅም ነበር። "ትከሻው የቱ ጋ ነው?" አሉኝ። እስከዚያ ቀን ውሻ ትከሻ ይኑረው አይኑረው አስቤ አላውቅም። እጅጌስ ያስፈልገዋል? የፊት እግሩ እጅ ነው ወይስ እግር? እጅ ከሆነ ኮት ነው፣ እግር ከሆነ ሱሪ ሊሆን ነው። አውቶቡስ የሚጠብቁ ሰዎች ከበቡን፤ ሐሳብ የሌለው ሰው አልነበረም። ከዓለም ጤና ከተማ ሽንኩርት ይዛ የመጣች ሴት፣ "ሽንቱንስ በየት ሊሸና ነው?" ስትል ሁላችንም ወደ ውሻው ሆድ ጎንበስ አልን። ከክርክር በኋላ ከሆዱ በታች ክፍት እንዲሆን ተወሰነ።

ከከበቡን አንዱ፣ "እሰይ! ሻምበልን ልክ የሚያስገባ ሰው ተገኘ!" አለ። ሰው ሳቀ። ተናጋሪው ግን ወዲያው ኋላውን ገልመጥ አድርጎ ማን እንዳለ አየና ወደ አውቶቡሱ ሄደ።

ጋሽ ቱፋ የለመዱት ቀጥ ብሎ የሚለካ ደንበኛ ነው። "አቁምልኝ" አሉ። የፊት እግሮቹን ይዤ በኋላ እግሮቹ አቆምኩት። ሻምበልም እንደ ሰው ቀጥ አለ። ጀርባውን ለኩ፣ ደረቱን ለኩ፣ እጅጌውን ለኩ። "ሰውነቱ ጥሩ ነው፤ ሆድ የለውም" አሉ።

ስህተታችን የታወቀው ኮቱ ተሰፍቶ ሲለብሰው ነው። ብድግ ሲያደርጉት ልክክ ይላል። በአራት እግሩ ሲቆም ግን እጅጌው እግሩን ወደ ኋላ ይጎትተዋል፣ አንገቱ ሥር ይጨማደዳል፣ ጀርባው ይነሳል። ሻምበል ትንሽ ተወራጨና ከነኩራቱ ሾልኮ ወጣ። ኮቱ ብቻውን በረንዳው ላይ ቀረ።

"ማል ጎና?" አሉ ጋሽ ቱፋ፣ ምን ይደረጋል እንደማለት። መፍታት ጀመሩ።

በሌላ ቀን ጠረጴዛው ላይ በአራት እግሩ አቁመን እንደገና ለካነው። ከአንገቱ ሥር እስከ ጭራው መነሻ፣ ከዚያም ከፊት እግሮቹ ኋላ ደረቱን ዙሪያውን። እጅጌው ቀረ። ቁልፎቹ በጥርሱ እንዳይደርስባቸው ጀርባው ላይ ሆኑ። ያም አልበቃም፤ ደረቱ ላይ ሰፋ ብሎ እንደገና ተፈታ። በመጨረሻ ሲቆለፍለት ከቆዳው ጋር አንድ ሆነ። ተወራጨ፣ ተንከባለለ፣ አልወለቀም። ጋሽ ቱፋ ራቅ ብለው አዩትና ወደ ስፌት መኪናቸው ተመለሱ። እኔም ወደ መሬት አወረድኩት።

ውሻ የሚያጠፉት የቀበሌ ሰዎች የመጡት ያን ጊዜ ነው። አንዱ ባልዲና መቆንጠጫ ይዟል፤ ሌላው መሣሪያ ያነገተ አብዮት ጥበቃ ነው። በባልዲው ውስጥ ያለው ሥጋ መሆኑን ከእኔ በፊት ሻምበል አወቀ። ሮጦ ሄዶ ባልዲው ፊት ተቀመጠ፣ ጭራውን ቆላ።

ባልዲ የያዘው ሰው ቁራጭ ሥጋ አንስቷል። እኔ ያን ሁሉ መጽሐፍ ያነበብኩት ሰውዬ አንድ ቃል አጣሁ።

አብዮት ጥበቃው ቢጫ ቁልፎቹን አየና በጣቱ ወደ ኮቱ አመለከተ። "ይሄ የማነው?"

ጋሽ ቱፋ ከመኪናው ላይ ቀና ሳይሉ፣ "የሻምበል ነው" አሉ። "እኔ ነኝ የሰፋሁት።"

"የሻምበል?"

"አዎ። ልክ አልሆነም ተብሎ ስንቴ ፈታሁት መሰለህ።"

የአብዮት ጥበቃው ወገብ ቀጥ አለ። ሥጋው ወደ ባልዲው ተመለሰ፣ ባልዲውም ተከደነ። አብዮት ጥበቃው ወደ እኔ ዞሮ፣ "ጓድ፣ እባክህ ያዘው፣ እንዳይነካብን" አለኝ። ጥቂት ሄዶ ተመለሰ። "ለሻምበል አብዮታዊ ሰላምታዬን አቅርብልኝ።"

"አቀርባለሁ" አልኩ።

ውሻውን ታቅፌ ወደ ቤት ስመለስ ከአውቶቡስ ተራው ጀርባ ተመርዘው የወደቁትን ውሾች አየሁ። ብዙዎቹን አውቃቸዋለሁ። አንዷ የሥጋ ቤቱ ውሻ ነበረች፤ ባለቤት ነበራት፣ ኮት ግን አልነበራትም። እትዬ አስካለ የሆነውን ስነግራቸው አልሳቁም። ሻምበልን ተቀብለው ፊታቸውን ኮቱ ላይ አድርገው ቆዩ። ውሻውን ይሁን ጨርቁን ያሸተቱት፣ አልጠየቅኩም።

ከወራት በኋላ ግን ጋሽ ቱፋን ጠየቅኳቸው። "ያን ቀን አውቀው ነው?"

"ምኑን?"

"የሻምበል ነው ያሉት።"

ትምህርት እንደማይገባው ተማሪ አዩኝ። "ኮቱ የማን ነበር ታዲያ?" ብለው መኪናውን መርገጥ ቀጠሉ።

እስከ ዛሬ አልቆረጥኩም። አንዳንድ ቀን አውቀው ነው እላለሁ፤ ያኔ እሳቸውን የመሰለ ሰው በማወቄ ደስ ይለኛል። አንዳንድ ቀን ደግሞ ስለ ኮቱ ተጠየቁ፣ ስለ ኮቱ መለሱ እላለሁ። ያኔ ውሻውም እኛም የተረፍነው በአንዲት "የ" ብቻ እንደሆነ ይታየኛል፤ እሷ ብትቀር ውሻውን "ሻምበል ነው" ማለት ይሆን ነበርና። ሰው ሲስቅ እኔ ዝም የምለው እዚህ ላይ ስደርስ ነው።