ታግ የታሰረለት ሰልባጅ

ዘመናይ ሰልባጅ ከምትለብስ ጆንያ ብትለብስ ይሻላታል። ቸርች ውስጥ ሴቶቹ ፊት የምትፎክረው እንዲህ እያለች ነበር። አሁን ጉዷን ተመልከቱ! የገዛ ልጇ ሆሳዕና ቅዳሜ ጠዋት፣ አሜሪካ፣ ኒው ሆፕ በሚባለው ከተማ ያለውን የእናቷን ቤት ሳሎን ባሮጌ ልብስ ሞልታ፣ ስልክ ደቅና በላይቭ ትሸጣለች።

ይህን ያስተማረቻት ከኢንዶኔዥያ የመጣችው የኮሌጅ ጓደኛዋ ላራስ ናት። እነላራስ አገር፣ ባንዱንግ የሚባለው ከተማ፣ ፋሽን ተከታይ የሆነው ወጣት አዲስ ልብስ አይደንቀውም አሉ። ክምር ሰልባጅ በርብሮ የአያቱን የሚመስል ጃኬት ካገኘ በቃ፣ ዘነጠ! ያንን ለብሶ ካፌ ከጓደኞቹ ጋር ሲጫወት ይውላል፤ የተረፈውን በስልክ እያሳየ ይሸጣል። ሁለቱ ጓደኛሞችም ሌክ ስትሪት የሚባለው መንገድ ላይ ያሉትን የሰልባጅ ሱቆች ሲያስሱ ሰንብተው ያገኙትን ተሸክመው መጡ።

"እኛ ቸግሮን የለበስነውን እናንተ አምሯችሁ ትለብሱታላችሁ?" አለች ዘመናይ።

"ማሚ፣ ኢትስ ኩል!" አለች ሆሳዕና።

ላራስ ግን ብድግ ብላ የዘመናይን እጅ ያዘችና የራሷን ግንባር አስነካችው። ባገሯ ለትልቅ ሰው ሰላምታ የሚሰጠው እንዲህ ነው። እንዲህ ያለችውን ልጅ ማን ይቆጣል?

የሚያስጨንቃት ሌላ ነገር ነበር። አዲስ አበባ ላለችው ታናሽ እህቷ ለእድላዊት ስንት ዘመን ልብስ ልካለች! ታዲያ ሁሉም ሰልባጅ ነው። አጥባ፣ ተኩሳ፣ ከሌላ አዲስ ልብስ የነቀለችውን የዋጋ ታግ አስራ ነው የምትልከው። "አሜሪካ ተቀምጣ ሰልባጅ ላከችልኝ" መባልን እንደ ሞት ትፈራዋለች። ያኔ ክሩን የምትይዝላት ትንሿ ሆሳዕና ነበረች፤ ለልጅቷ ጨዋታ ነበር።

ላይቩ ሞቅ እንዳለ ሆሳዕና ስልኩ ላይ ከተመልካቾቹ መሃል የአክስቷን የእድላዊትን ስም አየችና ዘለለች።

"እድልዬ! ሃይ! ይሄን ማሚ ናት ያስተማረችኝ! አሮጌ ልብስ ዎሽ አደረገች፣ አዲስ ታግ አሰርን፣ ለአንቺ ላክን! ማሚ ከሁላችን በፊት ኩል ነበረች!"

ልጅቷ እኮ እናቷን ማሞገሷ ነው።

ብዙም ሳይቆይ ስልኩ ላይ ባማርኛ የተጻፈ መልእክት ብቅ አለ። ሆሳዕና ፊደል አታውቅም።

"ማሚ፣ እድልዬ ናት! ምን አለች? ለሁሉም ሪድ አድርጊው!"

ዘመናይ ቀረብ ብላ አየችው። "እትዬ፣ ቬሎዬስ?" ይላል። እድላዊት ተሞሽራ የወጣችበት፣ "እህቴ ካሜሪካ ገዝታ የላከችልኝ" እያለች ፎቶውን ግድግዳ ላይ የሰቀለችው ቬሎ ነው።

ዋሽቶ ማምለጥ ይቻል ነበር። ዘመናይ የለመደችውም እሱን ነው። ግን ልጇ እየሳቀች ትጠብቃለች፣ ላራስም ትጠብቃለች።

"እሱም ሰልባጅ ነው፣ እህቴ" አለች ወደ ስልኩ ዞራ።

የእድላዊት ስም ከስልኩ ላይ ጠፋ።

"ኦ፣ ወጣች" አለች ሆሳዕና። "ኔትወርክ ነው መሰለኝ።"